ጉድጓዱስ? ኢዮብ 28ን ከአሶሳ ማንበብ

ከመጽሐፈ ኢዮብ ወጣቶቻችን በቃላቸው የያዙት አንድ ቁጥር ቢኖር 23፥10 ነው። ኢዮብ፣ እግዚአብሔር ከፈተነው በኋላ እንደ ወርቅ እንደሚወጣ የሚናገርበት ቁጥር ነው። በመዝሙር ገብቷል፣ በግጥም ገብቷል፣ በምረቃ ካርድ ላይ ይጻፋል፣ ውጤት ያልመጣለት ተማሪ ይጽናናበታል። መልካም ነው፤ ቃሉ ለመጽናናትም ተሰጥቶናል። አሁን ግን እዚያው መጽሐፍ ውስጥ አምስት ምዕራፍ ወደ ፊት ሂዱና 28ኛውን ክፈቱ። እዚያም ወርቅ አለ። በ23 ላይ ወርቁ ከእሳት ነው የሚወጣው፤ በ28 ላይ ከመሬት ይወጣል። ስለ መጀመሪያው የተዘመረውን ቆጥረን አንጨርሰውም። ስለ ሁለተኛው የተዘመረ ግን እኔ እስካሁን አልሰማሁም።

ይህ ጽሑፍ ስብከት ሳይሆን ሂስ ነው። ሁለት ነገሮችን ጎን ለጎን እንድታነቡ እፈልጋለሁ። አንዱ ኢዮብ 28 ነው። ሌላው እኛ ራሳችን ስለ ቆሰለ መሬት የምንጽፈውና የምንናገረው ነው፤ ግጥማችን፣ የጸሎት ርዕሳችን፣ በቀብር ላይ የምናሰማው ቃል ሁሉ። የማነበው ከአሶሳ ሆኜ ነው፣ ቦታውንም የምጠቅሰው ለማሳመር ብዬ አይደለም። ቤኒሻንጉል ስሙ ከወርቅ ጋር ሲነሳ የኖረ ምድር ነው። የግብጹ ገዥ መሐመድ ዓሊ እ.ኤ.አ. በ1820ዎቹ መጀመሪያ ጦሩን ወደ ሱዳን ሲያዘምት ከፈለጋቸው ነገሮች ዋናዎቹ ወርቅና ባሪያ ነበሩ፤ ጦሩም ሽቅብ እስከ ፋዙግሊ፣ እስከዚህ ምድር ደጃፍ ድረስ ደርሷል። ከ1838 እስከ 1839 ባለው ጊዜ ደግሞ ገዥው ራሱ በስተርጅናው እስከ ፋዙግሊ ተጉዟል፤ የወርቁን ነገር በዓይኑ ለማየት። እ.ኤ.አ. በ1898 ከራስ መኮንን ዘመቻ በኋላ አገሩ ለአፄ ምኒልክ ሲገብር፣ የአሶሳው ሼህ ሆጀሌ አል ሐሰን ግብር በወርቅ ይከፈል ነበር። (አዲስ አበባ ያላችሁ ሸጎሌ የምትሉት ሰፈር ስሙን ያገኘው ከእሳቸው ነው።) ወርቁ በሄደበት መንገድ ሰውም በባርነት ተነድቷል። እንግዲህ እዚህ ተቀምጦ «እንደ ወርቅ እወጣለሁ» ብሎ የሚዘምር ወጣት ሳያውቀው በጣም ከባድ ቃል ነው በአፉ የያዘው።

ዛሬም ወርቁ ይወጣል። ኩርሙክ ላይ በትልቅ ኩባንያ የሚሠራ ማዕድን አለ፤ ከእሱ ሌላ ደግሞ ባህላዊ የሚባለው አለ። አፈሩ ይቆፈራል፣ ወደ ውሃ ይወሰዳል፣ በእንጨት ገበቴ እየተሽከረከረ ይታጠባል። አፈሩ ቀላል ስለሆነ ውሃው ይዞት ይሄዳል፤ ወርቁ ከባድ ስለሆነ ከገበቴው ሥር ይቀራል። በበርታ ቤተሰቦች ዘንድ ይህ ለብዙ ዘመን ከእርሻ ጎን የሚሠራ ሥራ ነበር፤ እናቶችም በደንብ ያውቁበታል። አሁን ግን ጉድጓዱ ጠልቋል፣ ከሩቅ የመጣው ሰው በዝቷል፣ ፓምፕና ኤክስካቫተርም ደርሷል። የኅብረታችሁ የዝማሬ ቡድን በበጋ ወራት ለምን እንደሚሳሳ ለእናንተ መንገር አያስፈልገኝም።

አሁን ወደ ግጥሙ። ኢዮብ 28 ግጥም ነው፤ ደግሞም ስለ ቁፋሮ ሥራ በመጽሐፍ ቅዱስ ውስጥ እንደ እሱ በዝርዝር የሚናገር ሌላ ክፍል የለም። አራተኛው ቁጥር ላይ ቁሙ። ገጣሚው ሰው ከሚኖርበት ርቆ የተቆፈረ ጉድጓድ ያሳየናል። የመንገደኛ እግር የረሳው ቦታ ነው። እዚያ ውስጥ ሰዎች ተንጠልጥለው ወዲያና ወዲህ ይወዛወዛሉ። ዕብራይስጡ እዚህ ላይ አስቸጋሪ ነው፤ ተርጓሚዎችም በዝርዝሩ አይስማሙም። ሥዕሉ ግን ፍጥጥ ብሎ ይታያል። ገጣሚው ገመዱን በስሙ አይጠራውም፤ ያለ ገመድ ግን ማን ይወዛወዛል? ይህን መስመር የጻፈው ሰው ወይ ጉድጓድ አፋፍ ላይ ቆሞ ቁልቁል አይቷል፣ ወይ ካየ ሰው በጥንቃቄ ሰምቷል። «የተረሳ» የሚለውን ቃል ያስገባውም በከንቱ አይደለም። ከተማ ውስጥ ያለው ወርቁን እንጂ ቆፋሪውን አያውቀውም።

አምስተኛው ቁጥር ይበልጥ ያስገርመኛል። መሬት ከላይዋ እንጀራ የሚወጣባት ናት፤ ከሥሯ ግን በእሳት እንደተገለበጠች ሆናለች። አንድ ቁጥር ውስጥ ሁለት ፎቅ አለ። ከአሶሳ ወጣ ብላችሁ የማሽላ ማሳ አጠገብ የተቆፈረ ጉድጓድ ካያችሁ ቁጥሩን ያለ ማብራሪያ ትረዱታላችሁ። እህል የሚያበቅለው ላይኛው ጥቁር አፈር ነው፤ ውፍረቱም ብዙ አይደለም። ቆፋሪው ሥሩን ፈልጎ ሲገለብጠው ጥቁሩ ይቀበራል፣ ቀዩና ድንጋያማው ላይ ይቀመጣል። ከዚያ በኋላ ዝናብ ቢዘንብ እንኳ እንደ ቀድሞው አያበቅልም። ገጣሚው «መሬቱ ተበላሸ» አላለም። እንጀራና እሳትን አንድ ላይ አስቀምጦ ዝም አለ። ግጥም የምትጽፉ ወጣቶች ይህን ዝምታ ልብ በሉት፤ እኛ በእሱ ቦታ ብንሆን ሦስት ስንኝ ልቅሶ እንጨምር ነበር።

ከዘጠነኛው እስከ አሥራ አንደኛው ያለው ደግሞ ሥራው ሲሰፋ ነው። ሰው እጁን በጠንካራው ድንጋይ ላይ ይዘረጋል፣ ተራራን ከሥሩ ይገለብጣል፣ በዐለት ውስጥ ቦይ ይቀድዳል፣ ዓይኑ የከበረውን ሁሉ ያያል፣ ምንጮችን ያግዳል። በአሥራ አንደኛው ቁጥር በዕብራይስጡ የተሠራበት ቃል እኔን ብዙ ጊዜ አቁሞኛል። ምንጮቹ እንዳያንጠባጥቡ አገዳቸው የሚለውን ሐሳብ ገጣሚው የሚገልጸው እንዳያለቅሱ አሰራቸው በሚል አነጋገር ነው። «አሰረ» የሚለውም ቁስል በጨርቅ ለማሰር የሚያገለግለው ግሥ ነው። አንዳንድ ምሁራን ቃሉ «መረመረ» መሆን አለበት ብለው ያርሙታል፤ እንደ ተጻፈ ብናነበው ግን መሬቱ የቆሰለ፣ ወንዙም የሚያለቅስ ሆኖ በአንድ ግሥ ውስጥ ይታየናል። ቆፋሪው ቁስሉን ያሰረ መስሎት ልቅሶውን ብቻ ነው ያስቆመው። ይህን ሁሉ ሲናገር ግን ገጣሚው ቆፋሪውን አንድ ጊዜ እንኳ አይረግመውም። እንዲያውም ያደንቀዋል፤ ጨለማን ድል ያደረገ፣ የንስር ዓይን ያላየውን መንገድ ያገኘ ጀግና አድርጎ ነው የሚስለው። ወርቅም በራሱ ክፉ አይደለም፤ ዘፍጥረት 2፥12 የኤውላጥን ምድር ወርቅ መልካም ይለዋል። በአድናቆትና በሐዘን መካከል የሚሄድ ግጥም ነው፤ ለዚህም ነው እውነተኛ የሚመስለኝ።

አማርኛችን ለዚህ ዓይነት ንባብ የታወቀ መሣሪያ አለው፤ ሰምና ወርቅ። ሰሙ ላይኛው ትርጉም ነው፣ ወርቁ የተሰወረው። አንጥረኛው ሰሙን በሸክላ ይሸፍናል፣ በእሳት ያቀልጠዋል፣ ሰሙ በፈሰሰበት ባዶ ቦታ ወርቁን ያፈሳል። ሰሙ ባይኖር ወርቁ ቅርጽ አያገኝም ነበር። በመንፈሳዊ ጽሑፎቻችን ላይ ያለኝ ዋና ቅሬታ እዚህ ላይ ነው። ሰሙን ገና ሳንቀርጸው እናቀልጠዋለን። «ምድረ በዳ» ስንል የልብ ድርቀት ማለታችን ነው፤ የትኛው ምድር፣ ለምን ደረቀ፣ ማን ይኖርበት ነበር ብሎ የሚጠይቅ ስንኝ የለም። «ተራራ» ማለት ችግር ነው፣ «ጎርፍ» ማለት ፈተና ነው፣ «ጉድጓድ» ማለት ኃጢአት ነው። ጉድጓድ ግን መጀመሪያ ጉድጓድ ነው። ወንድሙን በጉድጓድ ውስጥ ያጣ ሰው ከጎናችሁ ተቀምጦ ሳለ ጉድጓድ ኃጢአት የሆነበትን መዝሙር ስትዘምሩ ምን እንደሚሰማው አስባችሁ ታውቃላችሁ?

ይህ የኛ የቤተ ክርስቲያን ልጆች ችግር ብቻ አይደለም፤ የአገሩ ሥነ ጽሑፍም ቤኒሻንጉልን ሲያልፍ ዓይኑን ይከድናል። ዓባይን ውሰዱ። «ዓባይ ማደሪያ የለው ግንድ ይዞ ይዞራል» እያልን አድገናል። ስለ ወንዙ የተገጠመውና የተዘፈነው ስፍር ቁጥር የለውም፤ ከጣና ይነሳል፣ ጎጃምን ይዞራል፣ ከዚያ በአንድ ጊዜ ግብጽ ይደርሳል። በመሐሉ ያለው ቆላ፣ የጉሙዝና የበርታ አገር፣ ስንኝ አልደረሰውም። አሁን ዓባይ ማደሪያ አግኝቷል፤ ጳጉሜ 4 ቀን 2017 ዓ.ም. የተመረቀው ግድብ ያለው መተከል ዞን ጉባ ውስጥ ነው። ንጋት ሐይቅ እስከ 74 ቢሊዮን ሜትር ኩብ ውሃ ይይዛል። ለግድቡ ጸልየናል፣ ቦንድ ገዝተናል፣ በምርቃቱ ቀን አመስግነናል፤ ማመስገናችንም ትክክል ነው። ግን እኔ ከሰማኋቸው የምስጋና ግጥሞች ውስጥ ጉባ የሚለውን ስም የጠራ አላገኘሁም። ውሃው ከመምጣቱ በፊት ደኑ ተመንጥሯል፤ በወንዙ ዳር የነበሩ የጉሙዝ መንደሮች ተነስተዋል። የምንደሰትበትን ነገር ዋጋ መጥራት ደስታውን አያረክሰውም። ኢዮብ 28 ላይ ያለው ገጣሚ እንዴት አድርጎ ሁለቱንም በአንድ ትንፋሽ እንደያዘ አይተናል።

እስካሁን ሰው ስላቆሰለው መሬት ነው የተናገርኩት። በተፈጥሮ የሚደርስ ቁስልም አለ፤ ሁለቱን መለየትም ሁልጊዜ ቀላል አይደለም። ሽመልን አስቡ። በደጋ ያለው ቀርከሃ ውስጡ ባዶ ነው፤ የኛ የቆላው ሽመል ግን ውስጡ ድፍን ነው። ቤት ይሠራበታል፣ አጥር ይታጠርበታል፣ በክረምት የሚወጣው ለጋ ቡቃያው ይበላል። በአገራችን ካለው የሽመል ደን ትልቁ ድርሻ ያለው በዚህ ክልል ነው። ሽመል በሕይወቱ አንድ ጊዜ ብቻ ነው የሚያብበው፤ ለአሥርት ዓመታት ሲያድግ ቆይቶ ያብብና ይሞታል። አንድ ግንድ ብቻ ቢሆን ጥሩ፤ አንድ ላይ ያደገው ደን አንድ ላይ ያብባል፣ አንድ ላይ ይደርቃል። ላላወቀ ሰው ተራራው በሙሉ የተረገመ ይመስላል። ይህ ግን ተፈጥሮው ነው፤ ከሞተው ሥር የረገፈው ዘር በዝናብ ይበቅላል። ችግኙ እግር እስኪያወጣ ዓመታት ያስፈልጉታል። በእነዚያ ዓመታት ከብት ከገባበት፣ እሳት ከተለቀቀበት ወይም ለእርሻ ከታረሰ ደኑ አይመለስም። እንግዲህ ማን ገደለው? መሞቱ የተፈጥሮ ነው፤ አለመመለሱ ግን የሰው ነው። ስለ ሽመል አበባ አንድ ግጥም ቢጻፍ ምን ያህል ነገር ሊሸከም እንደሚችል አያችሁ? ለጌታችን ሞትና ትንሣኤ ምሳሌ ለማድረግ ግን አትቸኩሉ። መጀመሪያ የደረቀውን ደን አሳዩኝ።

የ1977ቱ ረሃብም እንደዚሁ ነው። ዝናብ ጠፋ፤ ይህ የተፈጥሮ ነው። ግን በወሎ ተዳፋት ላይ ለትውልዶች የታጠበው አፈር፣ በሰሜን የነበረው ጦርነት፣ የመንግሥቱ ፖሊሲ ተደምረው ነው ድርቁን እልቂት ያደረጉት። ከዚያ በ1977 እና በ1978 ዓ.ም. በሰፈራ ፕሮግራም 600 ሺህ ያህል ሰው ከወሎ፣ ከትግራይና ከሰሜን ሸዋ ተነስቶ ወደ ምዕራብና ደቡብ ምዕራብ ተወሰደ፤ ከእነርሱም ብዙ ሰው ወደ አሶሳና ወደ መተከል መጣ። አንዱ መሬት ስለቆሰለ ሰው ተነቀለ፤ የተነቀለው ሰው እንዲበላ ሌላው መሬት ተመነጠረ። የደጋው ሰው በቆላ ወባ አለቀ፤ ከብቱን ገንዲ ፈጀው። ቀድሞ በመሬቱ ላይ የነበረው የበርታና የጉሙዝ ሕዝብ ደግሞ ማንም ሳያማክረው ደኑን አጣ። መንደሮቹ ስም እንኳ ሳይወጣላቸው በቁጥር ተጠሩ፤ ፓዊ ውስጥ ዛሬም «መንደር 7» ብሎ የትውልድ ቦታውን የሚናገር ሰው ታገኛላችሁ። የአገራችን የቦታ ስሞች ብዙውን ጊዜ ዛፍ፣ ወንዝ ወይም ሰው ያስታውሳሉ። «7» የሚያስታውሰው ምንድን ነው? ለእኔ ይህች አንዲት ቁጥር ስለዚያ ዘመን ከተጻፉ ብዙ ገጾች የበለጠ ትናገራለች። ከእናንተ ውስጥ የእነዚያ መንደሮች ልጆች የሆናችሁ አላችሁ፤ የነባሩ ሕዝብ ልጆች የሆናችሁም አላችሁ፤ በአንድ አግዳሚ ወንበር ላይ ትቀመጣላችሁ። ከ2011 ዓ.ም. ጀምሮ በካማሺና በመተከል መንደሮች ሲቃጠሉ ሁለታችሁም ያለቀሳችሁት በየፊናችሁ ነበር።

ወደ ከባዱ ክፍል ደርሰናል። መሬት ሰውን ስትቀብር ምን እንላለን?

ሐምሌ 15 ቀን 2016 ዓ.ም. በጎፋ ዞን፣ ገዜ ጎፋ ወረዳ፣ ኬንቾ ሻቻ ጎዝዲ ቀበሌ ከባድ ዝናብ ያራሰው ተዳፋት ተንሸራተተ። ጎረቤት የተቀበረውን ሊያወጣ ሮጠ፤ ሌላ ናዳ መጥቶ የሚቆፍሩትን ራሳቸውን ቀበራቸው። ከ200 በላይ ሰው ሞተ። በዚያ ሰሞን በየመድረኩ «ይህ የኃጢአታችን ቅጣት ነው» የሚል ቃል ሰምታችኋል፤ እኔም ሰምቻለሁ። የሞቱት ሰዎች የሠሩት የመጨረሻ ሥራ ጎረቤትን ለማዳን በእጅ አፈር መቆፈር ነበር። ሉቃስ 13 ላይ ስለ ሰሊሆም ግንብ የሚናገረው ክፍል ለዚህ ቀን የተጻፈ ይመስላል፤ ግንቡ ወድቆ የገደላቸው 18 ሰዎች ከሌሎቹ የባሱ ኃጢአተኞች እንዳልነበሩ ጌታ ራሱ በግልጽ ተናግሯል። ከዚያም ፊቱን ወደ ጠያቂዎቹ መልሶ ንስሐን የጠየቀው ከሙታኑ ሳይሆን ከእነርሱ ነው።

አሁን ይህን ከወርቅ ጉድጓድ ጋር አነጻጽሩት። ክረምት ሲገባ፣ ድጋፍ ያልተደረገለት ጉድጓድ ውሃ ሲጠጣ ግድግዳው ይላላና ይደረመሳል። ቀብሩ ላይ የምንሰማው ግን ሌላ ቃል ነው፤ «የእግዚአብሔር ፈቃድ ነው፣ ቀኑ ደርሶ ነው»። ልዩነቱን አያችሁት? ተራራው በራሱ ሲናድ ኃጢአተኛ እንፈልጋለን። ሰው የቆፈረው፣ ሰው ያልደገፈው፣ ሰው የተጠቀመበት ጉድጓድ ሲናድ ግን ሁሉን ለእግዚአብሔር ትተን ወደ ቤታችን እንሄዳለን። ተጠያቂ በሌለበት እንከሳለን፤ ተጠያቂ ባለበት ዝም እንላለን። የቃላት አጠቃቀም ስህተት ብቻ ቢሆን ኖሮ በሥነ ጽሑፍ መጽሔት ላይ ጠቅሼ ባለፍኩት ነበር። ነገር ግን ይህ አነጋገር የሚቀጥለውን ክረምት ጉድጓድ ክፍት አድርጎ ይተወዋል።

«ኢዮብስ ሁሉን ለእግዚአብሔር ሰጥቶ የለም ወይ?» የሚል ሰው ይኖራል። 1፥21 ማለቱ ነው፤ በቀብር ሁሉ የሚነበበው ቁጥር። እስቲ ከእሱ በፊት ያሉትን ስምንት ቁጥሮች እንደ ሥነ ጽሑፍ እናንብባቸው። አራት መልእክተኞች እየተከታተሉ ይመጣሉ። የመጀመሪያው የሳባ ሰዎች ከብቱን ወሰዱ፣ ሠራተኞቹንም ገደሉ ይላል። ሁለተኛው እሳት ከሰማይ ወርዶ በጎቹን በላ ይላል። ሦስተኛው ከለዳውያን በሦስት ጭፍራ ሆነው ግመሎቹን ዘረፉ ይላል። አራተኛው ትልቅ ነፋስ ከምድረ በዳ መጥቶ ቤቱን በልጆቹ ላይ ጣለው ይላል። ሰው፣ ተፈጥሮ፣ ሰው፣ ተፈጥሮ። ጸሐፊው ይህን ቅደም ተከተል ያለ ምክንያት አላወጣውም። መልእክተኞቹም ነገሩን አላድበሰበሱትም፤ ሳባን ሳባ አሉ፣ ነፋስን ነፋስ አሉ። ኢዮብ ልብሱን ቀድዶ የሰገደው፣ ያንን የእምነት ቃል የተናገረው፣ አራቱን ሪፖርት እስከ መጨረሻ ከሰማ በኋላ ነው። እኛ መልእክተኞቹን ከበር መልሰን በቀጥታ ወደ ስግደቱ እንገባለን። እምነታችን ከኢዮብ ስለሚበልጥ ይመስላችኋል? እኔ አይመስለኝም። ሪፖርቱን ከሰማን ስም መጥራት ይመጣል፤ ስም ከጠራን ጉድጓዱን ማን አስቆፈረው፣ አፈሩን ማን ይመልሰው፣ ለሟቹ ልጆች ማን ይክፈል የሚል ጥያቄ ይከተላል። አንዳንዴም የሚጠየቀው ሰው አሥራት የሚያወጣ ወንድም ነው።

በዚህ ንባቤ ላይ ሊነሣ የሚችል አንድ ጠንካራ ተቃውሞ አውቃለሁ። ኢዮብ 28 በቁፋሮ ይጀምራል እንጂ በቁፋሮ አያበቃም። ከ12ኛው ቁጥር ጀምሮ የሚጠይቀው ጥበብ የት ትገኛለች ብሎ ነው፤ ጥልቁም ባሕሩም እኔ ጋ የለችም ይላሉ፤ ወርቅ አይገዛትም፣ የኢትዮጵያ ቶጳዝዮን እንኳ አይተካከላትም። (አገራችን እዚህ ግጥም ውስጥ የምትገባው በከበረ ድንጋይ መሆኑን ልብ ብላችኋል?) እንግዲያስ ጉድጓዱ ምሳሌ ብቻ አይደለም ወይ? ሰም አይደለም ወይ?

አይደለም እላለሁ፤ ምክንያቴም ልኩ ነው። ምሳሌ ብቻ ቢሆን ሁለት ቁጥር በበቃው ነበር። ገጣሚው አሥራ አንድ ቁጥር ሰጥቶታል፤ ከግጥሙ ሲሶ በላይ ማለት ነው። ጥበብን የሚያገኛት ማን እንደሆነ ሲነግረን ደግሞ ከመሬት አያርቀንም። እግዚአብሔር መንገዷን ያውቃል፤ እንዴት? የምድርን ዳርቻ ስለሚያይ፣ ለነፋስ ክብደትን ስለሰጠ፣ ውሃን ስለሰፈረ፣ ለዝናብ ሥርዓትን ስላደረገ። ቆፋሪው የከበረውን ሁሉ ያያል (ቁ. 10)፤ እግዚአብሔር ግን ከሰማይ በታች ያለውን ሁሉ ያያል (ቁ. 24)። ገጣሚው «ማየት» የሚለውን ቃል ሆን ብሎ ደግሞታል። አንዱ ዋጋ ያለውን ብቻ መርጦ የሚያይ ዓይን ነው፤ ሌላው ገደሉንም፣ የተገለበጠውንም አፈር፣ በገመድ የተንጠለጠለውንም ሰው የሚያይ ዓይን ነው። አሥር ምዕራፍ አልፈን 38፥26 ስንደርስ ያ ዝናብ ይመጣል፤ የሚዘንበውም ሰው በሌለበት ምድር ላይ ነው። ለማሳ አይደለም፣ ለሐይቅ አይደለም፣ ለእኛ ጥቅም አይደለም። ባድማው እንዲጠግብና ሣር እንዲያበቅል ነው። ዝናብ ሁልጊዜ በረከት የሚሆንባቸውን መዝሙሮቻችንን ይህች ቁጥር ጥያቄ ውስጥ ታስገባቸዋለች። በጎፋ ገደለ፤ በአሶሳ ማሽላውን ያበቅላል፣ ጉድጓዱንም ይደረምሳል፤ ማንም በማያየው የደረቀ ሽመል ሥር ደግሞ ዘሩን ያርሳል። አንድ ዝናብ ነው። ይህን ሁሉ የሚሸከም መዝሙር ያለን አይመስለኝም።

ለሚቀጥለው እትም ጽሑፍ የምትልኩ ወንድሞችና እህቶች፣ ግጥሙን ከመላካችሁ በፊት አንድ ነገር አድርጉ። ምድረ በዳ፣ ተራራ፣ ጎርፍ፣ ጉድጓድ የሚሉ ቃላት ካሉበት ከእያንዳንዱ ጎን የትኛው እንደሆነ ጻፉ። መንጌ ነው? ሸርቆሌ ነው? ባምባሲ? ያቺ ቁጥር ያላት የአያታችሁ መንደር ናት? ማን ቆፈረው፣ መቼ ነው የተናደው፣ አሁን ምን በቅሎበታል? መልሱን ግጥሙ ውስጥ ባታስገቡትም ግድ የለም፤ በዳር ጻፉትና ላኩልን። መልስ ያላገኛችሁለት ቃል ካለ ደግሞ ሰርዙትና በእግራችሁ ሄዳችሁ እዩ። የኢዮብ ገጣሚ ያንን መንገድ የንስር ዓይን አላየውም ይላል። ከኅብረታችሁ ግን በገመድ ወርደው ያዩት አሉ፤ ቅዳሜ ከልምምድ በኋላ አስቀምጧቸውና ጠይቋቸው።